«ፋስት ካር»ን ማን ገፋት?

ስለ ትሬሲ ቻፕማን «ፋስት ካር» (ፈጣን መኪና እንበለው) የሚወራ አንድ ታሪክ አለ። ምናልባት ሰምታችሁት ይሆናል። (እዚህ ጽሑፍ ላይ ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ ፈረንጆቹ ናቸው፤ ሒሳቡን ለእናንተ ትቼዋለሁ።)

ጁን 11 ቀን 1988፣ ለንደን፣ ዌምብሌይ ስታዲየም። የኔልሰን ማንዴላ 70ኛ ዓመት ልደት እየተከበረ ነው፤ ባለልደቱ ግን እስር ቤት ነው። ስታዲየሙን ከ70 ሺህ በላይ ሰው ሞልቶታል፤ ከ60 በላይ አገሮች ደግሞ በቴሌቪዥን ይከታተላሉ። ስቲቪ ዎንደር መድረክ ሊወጣ ሲል ሙዚቃውን የያዘው የሲንተሳይዘሩ ሃርድ ዲስክ ጠፋ። ያለዚያ ዲስክ መጫወት ስለማይችል እያለቀሰ ሄደ (በኋላ ተመልሶ ዘፍኗል)። መድረኩ ባዶ ቀረ። አዘጋጆቹ በድንጋጤ ያገኙት ሰው ጊታር ብቻ የያዘች የ24 ዓመት ወጣት ነበረች። ወጣች፣ «ፋስት ካር»ን ዘፈነች፣ ዓለም አወቃት። አለቀ!

ጋዜጠኝነት የተማርን ሰዎች እንዲህ ዓይነት ታሪክ ስናገኝ ምራቃችንን መዋጥ ያቅተናል። ድንጋጤ አለው፣ እንባ አለው፣ ዝነኛ ሰው አለው፣ በአንድ አንቀጽም ያልቃል። ታሪኩ ውሸት አይደለም፤ ግን ግማሹ ነው። ግማሽ ታሪክ ደግሞ አንድ መጥፎ ጠባይ አለው፦ «ዕድል» የሚለውን ቃል ፊት አስቀምጦ የሰውየውን ሥራ ከኋላ ይደብቃል። የተደበቀችው ሴት ስትሆን፣ በተለይም ጥቁር ሴት ስትሆን፣ የሚጠይቅም ብዙ የለም። እስቲ ሌላኛውን ግማሽ እንየው።

ከዌምብሌይ በፊት

ቻፕማን የተወለደችው ክሊቭላንድ፣ ኦሃዮ ነው። ያሳደገቻት እናቷ ናት። ጊታር መነካካት የጀመረችው በልጅነቷ ነው። ጎበዝ ተማሪ ስለነበረች የትምህርት ዕድል አግኝታ ኮኔክቲከት ያለ አዳሪ ትምህርት ቤት ገባች። ከዚያም ቦስተን አጠገብ ካለው ተፍትስ ዩኒቨርሲቲ በአንትሮፖሎጂ ተመረቀች። ተማሪ ሳለች ሃርቫርድ አደባባይ ላይ ቆማ ለመንገደኛ ትዘፍን ነበር። ጎዳና ላይ ሰው ካልወደደህ ጥሎህ ያልፋል፤ ከዚያ የሚከብድ ተመልካች የለም።

ብራያን ኮፕልማን የሚባል የዩኒቨርሲቲው ተማሪ የደቡብ አፍሪካውን አፓርታይድ የሚቃወም ሰልፍ እያዘጋጀ ነበር። ለሰልፉ የምትሆን ዘፋኝ አለች ተብሎ ተነገረው፤ ሄዶ ሰማት፣ ደነገጠም። ከዩኒቨርሲቲው ሬዲዮ ጣቢያ ያገኘውን የዘፈኖቿን ካሴት በሙዚቃ ንግድ ውስጥ ለነበረው አባቱ ወሰደለት። ነገሩ እየተጎተተ ኤሌክትራ ሬከርድስ ደረሰ፤ የመጀመሪያ አልበሟም በኤፕሪል 1988 ወጣ።

እዚህ ላይ ሁለት ነገር ልብ በሉ። አንደኛ፣ ከዌምብሌይ በፊት አልበሙ ገበያ ላይ ሁለት ወር ቆይቷል፤ በዚያው ቀን ከሰዓት በኋላም ቻፕማን መድረክ ላይ ወጥታ የራሷን ተራ ጨርሳ ነበር። የስቲቪ ዎንደር ችግር የሰጣት ሁለተኛ ዙር ነው። ሁለተኛ፣ ካሴቷን ወደ ኩባንያ ያደረሰው የፀረ አፓርታይድ ትግል ነው፤ ዌምብሌይንም የሞላው ያው ትግል ነው። (የዚያ ቀን ባለልደት በ1962 አዲስ አበባ መጥቶ ኮልፌ ወታደራዊ ሥልጠና መውሰዱን ለእኛ ሰፈር አንባቢ ማስታወስ አይከፋም።) ዲስኩ በአጋጣሚ ጠፋ እንበል፤ እሷ እዚያ የተገኘችው ግን በአጋጣሚ አይደለም።

ዘፈኑ ውስጥ ማን አለ?

1988 የሲንተሳይዘርና የከበሮ ማሽን ዘመን ነው። «ፋስት ካር» ግን ወደ አምስት ደቂቃ በሚጠጋ ርዝመቱ በአንዲት የጊታር ሐረግ ላይ ይመላለሳል፤ ከበሮው ጎልቶ የሚመጣው አዝማቹ ላይ ሲደርስ ነው። የሚጠፋ ዲስክ የለውም!

ታሪኩን የምትነግረን ወጣት ናት። አባቷ ጠጪ ነው፤ እናቷ ጥላቸው ሄዳለች፤ እሷም አባቷን ለማስታመም ትምህርቷን አቋርጣለች። ፍቅረኛዋ መኪና አለው። ከተማ ገብተው፣ ሥራ ይዘው፣ ሰው ሊሆኑ ያስባሉ። ሄዱ። እሷ ሥራ አገኘች፤ ፍቅረኛዋ ግን መጠጥ ቤቱን ወደደ። መጨረሻ ላይ ሸሽታው የመጣችውን ሕይወት አዲሱ ቤቷ ውስጥ ታገኘዋለች። መኪናው አለ፤ ማን ተሳፍሮ ማን እንደሚቀር ግን ጥያቄ ይሆናል።

ፍቅረኛዋን «አለው» ያልኩት አማርኛ አስገድዶኝ ነው። በእንግሊዝኛ «አንተ»ም «አንቺ»ም አንድ ቃል ስለሆነ ባለመኪናው ወንድ ይሁን ሴት ዘፈኑ አይነግረንም። አማርኛ ቢሆን ገና የመጀመሪያው ግስ ያሳብቅ ነበር። ለዚህ ይመስለኛል ከድህነት ለመውጣት አንድ ሰው ላይ ተስፋ የጣለ ሁሉ ዘፈኑን «የኔ ነው» የሚለው።

ሽልማቱና ሐሜቱ

ከዌምብሌይ በኋላ ዘፈኑ አሜሪካ 6ኛ፣ እንግሊዝ 5ኛ ደረጃ ደረሰ፤ አልበሙ በሁለቱም አገሮች 1ኛ ሆነ። በፌብሩዋሪ 1989 ቻፕማን ሦስት ግራሚ ወሰደች። የዓመቱን ቅጂና የዓመቱን ዘፈን ሽልማት ግን የወሰደው የቦቢ ማክፌሪን «ዶንት ዎሪ፣ ቢ ሃፒ» ነው። ድህነትን አንድ በአንድ የዘረዘረው ዘፈን «አትጨነቅ፣ ደስ ይበልህ» በሚል ዘፈን ተሸነፈ። እንዲህ ያለውን ነገር ፈጥሬ ብጽፈው አታምኑኝም ነበር።

ሐሜትም አልቀረላትም። የፐብሊክ ኤነሚው ቸክ ዲ ጥቁሮች የቻፕማን ሙዚቃ አይሰማቸውም የሚል አስተያየት ሰጠ። እሷ በበኩሏ የጥቁር ሬዲዮ ጣቢያዎች ዘፈኖቿን እንደማያጫውቱላት ተናግራለች። ጊታር የያዘች ጥቁር ሴት የየትኛው መደርደሪያ ናት? ገበያው መልስ አልነበረውም።

ከ35 ዓመት በኋላ

በ2023 ሉክ ኮምብስ የሚባል ነጭ የካንትሪ ዘፋኝ «ፋስት ካር»ን እንደገና ሠራው። ልጅ ሳለ ዘፈኑን የሰማው አባቱ መኪና ውስጥ መሆኑን ተናግሯል። ግጥሙን አልነካካም፤ ገጸ ባሕሪዋ ገንዘብ ተቀባይ ሴት መሆኗን የሚናገረውን ቃል እንኳ ወደ ወንድ አልቀየረውም። ዘፈኑ አሜሪካ 2ኛ ደረጃ ደረሰ፤ በካንትሪ ሬዲዮ ደግሞ 1ኛ። በዚህም ቻፕማን ብቻዋን በጻፈችው ዘፈን የካንትሪ ሬዲዮን ሰንጠረዥ የመራች የመጀመሪያዋ ጥቁር ሴት ሆነች። በኖቬምበር 2023 የካንትሪ ሙዚቃ ማኅበር የዓመቱን ዘፈን ሽልማት ሰጣት። ማኅበሩ መሸለም የጀመረው በ1967 ነው፤ በዚህ ዘርፍ ጥቁር ጸሐፊ ሲያሸንፍ ግን እሷ የመጀመሪያዋ ናት።

ይኼኔ ጭቅጭቁ ተነሣ። ቃሉ ያው፣ ዜማው ያው፤ በ1988 በካንትሪ ሰንጠረዥ ያልነበረው ዘፈን በ2023 እንዴት ካንትሪ ሆነ? የተቀየረው የዘፋኙ ቆዳ ብቻ አይደለምን? እኔ ጣቴን ኮምብስ ላይ አልቀስርም፤ ዘፈኑን በአክብሮት ይዞታል፣ ስሟንም ደጋግሞ ጠርቷል። ጥያቄው በር ላይ ለቆሙት ነው፦ ይኼ ዘፈን የእናንተ ከነበረ እሷ ስትዘፍነው የት ነበራችሁ?

ገንዘቡስ? በአሜሪካ ሕግ አንዴ የወጣን ዘፈን ቃሉንና ዜማውን ሳይቀይር ሌላ ሰው መልሶ መቅዳት ይችላል፤ ለጸሐፊው ግን ይከፍላል። ብቸኛዋ ጸሐፊ ቻፕማን ስለሆነች የኮምብስ መኪና በሮጠ ቁጥር የጸሐፊው ድርሻ ወደ እሷ ይሄዳል። ቆርጦ ወስዶ በራስ ዘፈን ውስጥ መቀጠል ግን ፈቃድ ይጠይቃል። በ2018 ኒኪ ሚናዥ «ቤቢ ካን አይ ሆልድ ዩ» ከተባለው ዘፈኗ ወስዳ ለሠራችው ሥራ ፈቃድ ስትጠይቅ ቻፕማን እምቢ አለች። ሥራው ግን ሾልኮ ሬዲዮ ላይ ተሰማ። ቻፕማን ከሰሰች፤ ክሱም በ2021 በ450 ሺህ ዶላር ክፍያ ተቋጨ። ጋዜጦች «ዓይናፋሯ» እያሉ የጻፉላት ሴት ናት እንግዲህ!

ፌብሩዋሪ 4 ቀን 2024 ቻፕማን በግራሚ መድረክ ከኮምብስ ጋር ቆመች። ለዓመታት ከመድረክ ርቃ ስለነበር ያቺ የጊታር ሐረግ ስትጀምር አዳራሹ በጩኸት ተናወጠ። ኮምብስ እሷ ስትዘፍን ከጎኗ ሆኖ በከንፈሩ ይከተላት ነበር። ከዚያ ምሽት በኋላ የ1988ቱ ቅጂ ተመልሶ የአሜሪካ ሰንጠረዥ ውስጥ ገባ።

ታዲያ መኪናዋን ማን ገፋት? ዲስኩ ገፋ፣ የማንዴላ ትግል ገፋ፣ ኮምብስም ገፋ። ሞተር የሌለውን መኪና ግን ቢገፉትም አይነሣም። ከእንግዲህ «ድንገት ታወቀች» የሚል ዜና ስታነቡ፣ ወይም እንደኔ ስትጽፉ፣ አንዲት ጥያቄ ጨምሩ፦ ከዚያ በፊት በነበሩት ዓመታት ምን ስትሠራ ነበር?

ቸር እንሰንብት።