ከአሦር ሸለቆዎች እስከ ሐይቅና አርዲቦ

ከደሴ ወደ ሰሜን የሚሄድ መንገደኛ በተራራ የተከበቡ ሁለት ባሕሮች ያገኛል። አርዲቦ ከፍ ብሎ ተኝቷል፤ ከእርሱም የሚወጣው ወንዝ ዝቅ ብሎ ወዳለው ወደ ሐይቅ ይወርዳል። ሐይቅ ግን የሚገባበት ውሃ እንጂ የሚወጣበት አይታይም። ቀድሞ ደሴት በነበረው፥ ኋላ ከየብስ ጋራ በተጋጠመው ስፍራ የቅዱስ እስጢፋኖስ ገዳም አለ። የዚህ ገዳም ታሪክ እጅግ ርቆ ከሚገኝ ከሌላ የተራራ አገር፥ ከአሦራውያን ክርስቲያኖች አገር ጋራ የሚገናኝበት መንገድ አለ።

አባ ኢየሱስ ሞዐ ወደ ሐይቅ የመጡት በ1248 ዓ.ም. ገደማ ነው (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓ አቈጣጠር ናቸው)። ምንኵስናን የተማሩት በደብረ ዳሞ ነበር፤ ደብረ ዳሞንም የመሠረቱት ከተሰዓቱ ቅዱሳን አንዱ አቡነ አረጋዊ ናቸው። ከቅዱሳኑም አንዳንዶቹ ከሶርያ እንደ መጡ ይነገራል።

በአባ ኢየሱስ ሞዐ ዘመን ደግሞ ሶርያውያን ሁለተኛ መጡ። ዐፄ ይኩኖ አምላክ (1270–1285) ከግብፅ ጳጳስ እንዲላክላቸው ወደ ሱልጣን በይበርስ ቢጽፉም ነገሩ ስላልተሳካ፥ የጳጳሱን ሥራ ሶርያውያን ያዙት። ልጃቸው ዐፄ ይግብአ ጽዮን ግን በ1290 ወደ ካይሮ ሲጽፉ እነዚህን ሶርያውያን ነቅፈው፥ እንደ ጥንቱ ሥርዓት ግብፃዊ ጳጳስ ለመኑ። ነቀፋው ምን ያህል እውነት እንደ ሆነ ከደብዳቤው ብቻ መፍረድ አይገባም፤ የካይሮን በጎ ፈቃድ የሚሻ ንጉሥ ሶርያውያንን የሚያመሰግንበት ምክንያት አልነበረውምና።

ሰዎቹ እንዲህ ሲነቀፉ የሶርያ መጻሕፍት ግን በኋላ ዘመን ገብተው ቀሩ። በኢትዮጵያ የትርጓሜ ጉባኤ መጻሕፍተ መነኮሳት የሚባሉት ሦስት ናቸው፤ ማር ይስሐቅ፥ ፊልክስዩስና አረጋዊ መንፈሳዊ። ከ14ኛው እስከ 16ኛው መቶ ዓመት ባለው ጊዜ ከዐረብኛ ወደ ግዕዝ ተመለሱ እንጂ መጀመሪያ የተጻፉት በሱርስት ነው፤ ጸሐፊዎቻቸውም የምሥራቅ ቤተ ክርስቲያን፥ ማለት የአሦራውያን ቤተ ክርስቲያን ልጆች ናቸው። ይስሐቅ በ7ኛው መቶ ዓመት የነነዌ ኤጲስ ቆጶስ ሆኖ ከአምስት ወር በኋላ መንበሩን ትቶ ወደ ተራራ የገባ፥ ከማንበብም ብዛት ዓይኑ የታወረ ነው። አረጋዊ መንፈሳዊ የተባለው ዮሐንስ በ8ኛው መቶ ዓመት በቀርዱ አገር መንኵሶ ዳልያታ በተባለ ተራራ ኖረ፤ የሱርስቱ ኦሪትም የኖኅ መርከብ ያረፈችው በቀርዱ ነው ይላል። የፊልክስዩስ ነገር ደግሞ የሚያስገርም ነው። መጽሐፉ የመነኵሴው የዳዲሾ ድርሰት ሳለ፥ የንስጥሮስ ብርቱ ጠላት በነበረው በመቡግ ኤጲስ ቆጶስ በፊልክስዩስ ስም ተጠራ። በ431 በኤፌሶን የተወገዘው ንስጥሮስ በአሦራውያን ዘንድ ቅዱስ ነውና፥ ድርሰቱ በእውነተኛው ጸሐፊ ስም ቢመጣ ኖሮ የግብፅን በር ማለፉ ያጠራጥራል።

የእነዚህ መነኮሳት ወገኖች በሐካሪ ተራሮች፥ በዛብ ወንዝ ሸለቆዎች ውስጥ በቍጥር አንሰው፥ እርሻቸውንና በጋቸውን ይዘው እስከ 20ኛው መቶ ዓመት ኖሩ። ፓትርያርካቸው ቁድሻኒስ በምትባል መንደር ይቀመጥ ነበር። በ1915 የኦቶማን ጦርና የኩርድ ጎሣዎች ከሸለቆው አስለቀቋቸው፤ ወደ ኡርሚያ ሸሹ፤ በ1918 ፓትርያርኩ ማር ቢንያም ስምዖን በተንኰል ተገደሉ። ሕዝቡም ወደ ባቁባ ሰፈር ወረደ። በ1933 በኢራቅ በሲሜሌ እልቂት ደረሰባቸው፤ ያመለጡትም በሶርያ በኻቡር ወንዝ ዳር መንደር ሠሩ። በየካቲት 2015 የእስላማዊ መንግሥት ነን ባዮች እነዚህን መንደሮች ወርረው ከ200 የሚበልጡ ሰዎች ማርከው ወሰዱ።

በጉባኤ ቤት ተማሪው መጽሐፉን ሲጠራ «ማር ይስሐቅ» ይላል። ማር ያለው የንብ ማር አይደለም፤ በሱርስት «ጌታዬ» ማለት ነው። ከኻቡር ዳር የቀሩት ምእመናንና በየአገሩ የተበተኑት ወንድሞቻቸው ዛሬም ጳጳሳቸውን የሚጠሩት በዚሁ ቃል ነው።