የኮምፒውተር ፕሮሰሰርና ሶኬት፦ ከመግዛት በፊት ሊታወቅ የሚገባው

በአዲስ አበባ ከቦሌ መድኃኔዓለም እስከ መገናኛ ባሉ የገበያ ማዕከላት አዲስም ያገለገለም ኮምፒውተር ይሸጣል። ከክልል የመጣ ተማሪም ሆነ ለኅብረት ሥራ ማኅበር ዕቃ ሊገዛ የተላከ ሰው ከሚቀርቡለት ጥያቄዎች አንዱ «ስንተኛ ጄኔሬሽን?» የሚለው ነው። ጥያቄው ስለ ፕሮሰሰሩ ነው።

ፕሮሰሰር ትእዛዝ ተቀብሎ የሚያሰላ የኮምፒውተር አንጎል ነው። ትንሿ የሲሊከን ቺፕ በጠንካራ ሽፋን ታሽጋ፣ በብረት እግሮች ወይም ነጥቦች ከማዘርቦርዱ ጋር ትገናኛለች። ማዘርቦርዱ ላይ የምታርፍበት መቀመጫ ሶኬት ይባላል። ሞፈርና ቀንበር ካልተጋጠሙ እንደማይታረስ ሁሉ፣ ፕሮሰሰርና ሶኬት ካልተስማሙ ኮምፒውተሩ አይሠራም።

ለገበያ የቀረበው የመጀመሪያው ማይክሮፕሮሰሰር የኢንቴል 4004 ነው። በ1964 ዓ.ም ሲወጣ 2 ሺህ 300 ትራንዚስተሮችና በሁለት ረድፍ የተሰለፉ 16 እግሮች ነበሩት። በ1970 ዓ.ም የወጣው 8086 ባለ 40 እግር ሆነ። ሥራው ሲበዛ ሁለት ረድፍ አልበቃም፤ በ1981 ዓ.ም በወጣው 486 ላይ 168 እግሮች ከሽፋኑ ሥር በብዙ ረድፍ ተደረደሩ።

በ1996 ዓ.ም ኢንቴል በዴስክቶፕ ፕሮሰሰሮቹ ላይ እግሮቹን አስቀርቶ 775 ቀጫጭን ሽቦዎችን ወደ ሶኬቱ አዛወረ። ኤኤምዲም በ2015 ዓ.ም 1 ሺህ 718 ነጥብ ባለው ኤኤም5 ይህንኑ መንገድ ተከተለ። በዚህ አሠራር በግዴለሽነት የሚጣመመው የፕሮሰሰሩ እግር ሳይሆን የማዘርቦርዱ ሽቦ ነው።

መልክ ግን ያታልላል። የኢንቴል 6ኛና 7ኛ ጄኔሬሽን ዴስክቶፕ ፕሮሰሰሮች ባለ 1151 ነጥብ ናቸው፤ 8ኛውና 9ኛውም እንዲሁ። ሆኖም 8ኛው በ6ኛው ማዘርቦርድ ላይ ቢቀመጥም አይሠራም። የነጥቦቹ ቁጥር አንድ ስለሆነ ብቻ የገዛ ገንዘቡን ያባክናል።

በአሁኖቹ ላፕቶፖች ፕሮሰሰሩ በማዘርቦርዱ ላይ የተበየደ ነው። ራምና ሃርድ ዲስክ በብዙዎቹ ላይ ሊቀየሩ ቢችሉም፣ ፕሮሰሰሩ ግን በገዙት ይቀራል። ይህም ዋጋ አለው፤ የዊንዶውስ 10 መደበኛ ድጋፍ ጥቅምት 4 ቀን 2018 ዓ.ም አብቅቷል፣ ዊንዶውስ 11 ደግሞ ከኢንቴል ፕሮሰሰሮች በአብዛኛው 8ኛና ከዚያ በላይ ጄኔሬሽን ይጠይቃል።

ስለዚህ ገዢ ኮምፒውተሩን ሱቁ ውስጥ አስከፍቶ የፕሮሰሰሩን ሙሉ መለያ ማንበብ፣ ፕሮሰሰር ብቻውን የሚገዛም የማዘርቦርዱን ሞዴል ጽፎ መሄድ ይኖርበታል። «ኮር አይ5» የሚለው ስም ብቻውን ጄኔሬሽኑን አይናገርም።