ዜና አሳህታ፦ የተራራው በግ ቤት ታሪክ

በአብ በወልድ በመንፈስ ቅዱስ ስም አሐዱ አምላክ አሜን። በአሜሪካ አገር፣ በአይዳሆ ግዛት፣ በቦይሲ ከተማ የነበረችውን የአሳህታን ዜና መጻፍ እንጀምራለን። አሳህታ በዩኒቨርሲቲ ጥላ ሥር የኖረች፣ ግጥም እንጂ ሌላ የማታሳትም ትንሽ የማሳተሚያ ቤት ነበረች። ይህን የሚጽፈው ወዳጇ ነው፤ ወዳጅነቱንም አይሸሽግም። ዘመኑን የምንቆጥረው በፈረንጆቹ ነው፤ ታሪኩ የእነርሱ ነውና።

ስሟ የተወሰደው ከማንዳን ቋንቋ ነው። ማንዳኖች በሚዙሪ ወንዝ ዳር የኖሩ የአገሩ ነባር ሕዝብ ናቸው። አሳህታ የሚሉትም ቀንዱ የተጠቀለለውን፣ ገደል ለገደል የሚውለውን የተራራ በግ ነው። ቃሉን በጽሕፈት ያኖሩት ሉዊስና ክላርክ ከተባሉት አሳሾች ጋር ወደ ምዕራብ የተጓዙ ሰዎች ናቸው። ዋልያን ለሚያውቅ ያገራችን ሰው፣ ይህ ስም ለገጣሚዎች ቤት ለምን እንደ ተመረጠ ማስረዳት አያሻም።

በ1974 የቦይሲ ኮሌጅ ወደ ዩኒቨርሲቲነት ከፍ አለ። በዚያው ዓመት ቶም ትረስኪ፣ ኦርቪስ በርማስተርና ዴል ቦየር የተባሉ መምህራን አሳህታን መሠረቱ። አሳባቸው የአሜሪካን ምዕራብ ገጣሚዎች፣ ያሉትንም ያለፉትንም፣ ማሳተም ነበር። ታላላቆቹ አሳታሚዎች በምሥራቅ በኒው ዮርክና በቦስተን ነበሩና፣ የምዕራቡ ገጣሚ ሲሞት ብዙ ጊዜ መጽሐፉም አብሮት ይቀበር ነበር። በ1978 መምህር ትረስኪ ከ1850 እስከ 1950 የነበሩትን የምዕራብ ሴት ገጣሚያን በአንድ መድበል ሰብስበው አወጡ።

በ1980 ደግሞ አሳህታ የሄዘል ሆልን ምርጥ ግጥሞች አሳተመች። እዚህ ላይ ጥቂት እንቆይ። ሄዘል የፖርትላንድ ከተማ ሰው ነበረች፤ ከአሥራ ሁለት ዓመቷ ጀምሮ በተሽከርካሪ ወንበር ኖራለች። ኑሮዋ በመርፌ ነበር፤ የሙሽራ ልብስ፣ የሕፃን ቀሚስ፣ የመንበር ልብስ ትጠልፍ ነበር። ከቤት ወጥታ መሄድ ስለማትችል በመስኮቷ ደፍ ላይ መስተዋት አቁማ አላፊ አግዳሚውን በዚያ ታይ ነበር። ያየችውንም ግጥም አደረገችው። በ1924 ገና አርባ ሳይሞላት ሞተች፤ ስሟም ደበዘዘ። ከሞተች ከ56 ዓመት በኋላ በሯን ያንኳኳችው አሳህታ ናት። በ2000 የኦሪገን ስቴት ዩኒቨርሲቲ አሳታሚ ግጥሞቿን አሟልቶ ሲያወጣ መንገዱ ተጠርጎ ነበር። እግዚአብሔር የተረሳን የሚያስብ ሰው አያሳጣን።

አሁን ወደ ታላቁ ድሏ እንለፍ። በ1987 አሳህታ የዊን ኩፐርን መጽሐፍ አሳተመች፤ ብዛቱም 500 ቅጂ ብቻ ነበር። በውስጡ «ፈን» የምትል ግጥም አለች፤ ፈንጠዝያ እንደ ማለት ነው። መጽሐፉ ወጣ፤ ጥቂቶች አነበቡት፤ ዓመታትም አለፉ። ከዚያ በካሊፎርኒያ፣ በፓሳዴና ከተማ፣ ቢል ቦትሬል የተባለ የሙዚቃ አዘጋጅ አሮጌ መጻሕፍት ከሚሸጥበት መደብር ገባ። ሼሪል ክሮው የምትባል ገና ያልታወቀች ዘፋኝ ዜማ ነበራት፤ ለዜማው የሚሆን ቃል ግን ጠፍቶ ነበር። ሰውየው ከመደርደሪያው ያችን ቀጭን መጽሐፍ አወጣ። «ፈን» ጥቂት ተለውጣ ከዜማው ጋር ገጠመች፤ በ1994 አገር ምድሩ ዘፈናት፤ በ1995ም የግራሚን የዓመቱ ምርጥ ቅጂ ሽልማት አገኘች። ኩፐርም የድርሻውን ገንዘብ አገኘ፤ መጽሐፉም ደጋግሞ ታተመ። አምስት መቶ ቅጂ ምን ያደርጋል የሚል ሰው ቢኖር መልሱ ይህ ነው፤ ትክክለኛዋ አንዲት ቅጂ ትክክለኛው ሰው እጅ ገባች።

ከዚያ ወዲህ ጥቂት ዓመታት በጸጥታ አለፉ። ቀጥሎም ቤቱን ገጣሚዋ ወይዘሮ ጃኔት ሆምዝ ተረከቡ። እርሳቸው አጥሩን አፍርሰው በምዕራቡ ብቻ ሳይወሰኑ አዲስና ደፋር ግጥም ከየትም ይምጣ ብለው ተቀበሉ፤ የማስተርስ ተማሪዎችንም በሥራው አሳተፉ። የምዕራቡን ብቻ ይወዱ የነበሩት ምን እንዳሉ መጻፍ የእኛ ፈንታ አይደለም። በአይዳሆ ባለው፣ ጫፉ እንደ መጋዝ ጥርስ በተሳለው ተራራ ስም የሶቱዝ ሽልማት ተሰየመ። ከተሸለሙት አንዷ ረስቲ ሞሪሰን አባቷ ሲሞት የተሰማትን ሐዘን በቴሌግራም አጻጻፍ ገጠመችው፤ በ2008ም ይኸው መጽሐፍ የጄምስ ላፍሊን ሽልማት ተጨመረለት።

በ2009 መምህር ትረስኪ ዐረፉ። መስማት የተሳነውንና በጥላሸትና በምራቁ ይሥል የነበረውን የአይዳሆ ሠዓሊ ጄምስ ካስልን ለዓለም ለማሳወቅ የደከሙም እርሳቸው ናቸው። ነፍሳቸውን ይማር።

በ2015 የአን ቦየር መጽሐፍ ወጣ፤ ስለ ድህነት፣ ስለ ልጅ ማሳደግና ልብስ ስለ መስፋት ይናገራል። ስለዚህ ቤቱ ከሄዘል መርፌ ተነሥቶ ወደ ሌላ ሴት መርፌ ደረሰ፤ ማንም ያቀደው አይመስለኝም፤ እኔ ግን ሳስበው ደስ ይለኛል። ቦየርም በ2020 በሌላ መጽሐፏ የፑሊትዘርን ሽልማት ተቀበለች።

ወይዘሮ ጃኔት በጡረታ ከተሰናበቱ ወዲህ አሳህታ አዲስ መጽሐፍ አላወጣችም። ስለዚህ ነገር አናስረዝምም። ዩኒቨርሲቲ ሕንፃን በገንዘብ ያሠራል፤ አርባ ዓመት የኖረ የግጥም ቤት ግን በገንዘብ አይገኝም።

አንባቢ ሆይ፣ በቦይሲም ሆነ በሌላ ከተማ አሮጌ መጻሕፍት በሚሸጡበት ብታልፍ፣ አሳህታ የሚል ስም ያለበት ቀጭን መጽሐፍ ብታገኝ፣ አውርደህ ግለጠው።