ካርታን በካርታ ላይ መደረብ፤ የመልክዓ ምድር መረጃ ሥርዓት አጀማመርና ለትምህርት ያለው ፋይዳ

የጂኦግራፊ ትምህርት የዋና ከተሞችን ስምና የተራሮችን ከፍታ በቃል ከማጥናት ያለፈ ዓላማ የሌለው መስሎ የሚታይበት ጊዜ አለ። ይሁን እንጂ የዚህ የትምህርት ዘርፍ ዋና ተግባር፣ አንድ ነገር ከሌላው ሥፍራ ይልቅ በዚህኛው ለምን እንደ ተገኘ ማመዛዘን ነው። በኮምፒዩተር የሚሠራው የመልክዓ ምድር መረጃ ሥርዓትም የተወለደው ከዚሁ ጥያቄ ነው።

እ.ኤ.አ. በ1960 አንድ የካናዳ የአየር ቅየሳ ድርጅት በብሪታንያ ቅኝ አገዛዝ ሥር በነበረችው ኬንያ ለደን ተክል የሚስማማ ቦታ እንዲመርጥ ተጠየቀ። የድርጅቱ ባልደረባ የነበሩት ሮጀር ቶምሊንሰን የመሬቱን ልዩ ልዩ ጠባይ የሚያሳዩ ካርታዎችን ደራርበው ማነጻጸር ነበረባቸው። ዘዴው ፕላን አውጪዎች ብርሃን በሚያሳልፍ ስስ ወረቀት አስቀድመው የሚሠሩበት ነበር። ነገር ግን በእጅ ለመሥራት የሚጠይቀው ወጪ እጅግ ከፍተኛ ስለ ሆነ ዕቅዱ ሳይፈጸም ቀረ።

በ1962 ቶምሊንሰን ከካናዳ የመሬት ሀብት ጥናት ኃላፊ ከሊ ፕራት ጋር ተገናኙ። ጥናቱ ሰፊውን የአገሪቱን መሬት ለእርሻ፣ ለደን፣ ለዱር አራዊትና ለመዝናኛ ባለው ተስማሚነት የሚመድብ በመሆኑ፣ ያው የመደራረብ ችግር በብዙ እጥፍ ገጠመው። በዚህም ምክንያት ከአይ.ቢ.ኤም. ኩባንያ ጋር በተደረገው ሥራ የካርታ ወሰኖች ወደ አኀዝ ተለውጠው በኮምፒዩተር የሚደራረቡበት ሥርዓት ተገነባ።

ከዚህ ታሪክ እንደምንረዳው መሣሪያው ያፋጠነው ሥሌቱን እንጂ ጥያቄውን አልፈጠረም። የትኛው ካርታ ከየትኛው ጋር ይደረብ የሚለው ውሳኔ ምንጊዜም የሰው ነው። ይህም ችሎታ ደረጃ በደረጃ የሚያድግ ነው። ዣን ፒያዤና ቤርቤል ኢንሄልደር በ1948 ባሳተሙት ጥናት፣ ሕፃናት ርቀትንና አቅጣጫን አስተባብረው ከመረዳታቸው በፊት ቅርበትንና መከበብን እንደሚገነዘቡ አመልክተዋል። የአሜሪካ ብሔራዊ የምርምር ምክር ቤት በ2006 ባወጣው ዘገባም ስለ ቦታ ማሰብ በልዩ ልዩ ትምህርቶች ውስጥ ሆን ተብሎ ሊሰጥ እንደሚገባ አሳስቧል።

ስለዚህ ኮምፒዩተር የሌለው ትምህርት ቤት ሥራውን የሚያዘገይበት ምክንያት የለም። ደጋን፣ ወይና ደጋንና ቆላን የሚያውቅ ተማሪ የከፍታን፣ የዝናብንና የሰብልን ካርታ በስስ ወረቀት ነድፎ ሊደርብ ይችላል። በወረቀት ላይ ማመዛዘንን ያልተለማመደ ግን፣ ኮምፒዩተሩ ሲቀርብለት የሚጠይቀው አይኖረውም።