ኩል፦ የአንድ ድንጋይ ስም ከመጽሐፈ ሄኖክ እስከ «ካሖል»

በዚህ እትም ስለ አንድ ማዕድን ስም ጥቂት ለመጻፍ ወደናል። ማዕድኑን ዕብራይስጥ አንቲሞን ይለዋል፤ በላቲን ስቲቢየም ነው። በምድር ቅርፊት ውስጥ የሚገኘው መጠን እጅግ አነስተኛ በመሆኑ ብርቅ ከሚባሉት ወገን ይቆጠራል። በእኛ ዘንድ ግን እንደ ብርቅ ነገር አልታየም፤ እናቶቻችን ኩል ብለው ከገበያ ገዙት፣ ፈጭተው አላሙት፣ ተኳሉት።

ይህን እንድንጽፍ ያነሣሣን አንድ ነገር አለ። የአረጋውያንን ቃል በድምፅ እየቀዱ ወደ ዕብራይስጥ የሚመልሱ ወጣቶች፣ «ኩል» የሚል ቃል በመጣ ቁጥር «አንቲሞን» ብለው ሲጽፉ አይተናል። መዝገበ ቃላቱ እንዲያ ስለሚል አይፈረድባቸውም። ይሁን እንጂ ስሙና ድንጋዩ ሁልጊዜ አብረው አልሄዱም። ነገሩ የቃል ክርክር ብቻ ቢሆን ኖሮ በዝምታ ባለፍነው ነበር፤ ኋላ እንደምናሳየው ግን የልጆችን ጤና የሚነካ ጉዳይ ሆኖ አግኝተነዋል።

በመጀመሪያ ቃሉን እንመልከት። ግዕዙ ኵሕል ነው፤ ግሡም ኰሐለ ይላል። አማርኛ ሐን በቃል መካከል ሲያገኛት ይውጣታል፤ ላሕም ላም እንደሆነ፣ ሰሐበም ሳበ እንደሆነ፣ ኰሐለ ኳለ፣ ኵሕልም ኩል ሆነ። ዓረቦች ኩሕል ይላሉ። በዕብራይስጥ ካሐል ነው። በጥንቱ የአሦርና የባቢሎን ቋንቋ ደግሞ ጉኽሉ ይባል ነበር። አንዳንድ ሽማግሌዎች ኩልን ከኩላሊት ጋር ሲያዛምዱ ሰምተናል፤ አይገናኙም፤ ኩላሊት የዕብራይስጡ «ኪልያ» ዘመድ ነው። «በእኔ በኩል» የሚለውም ሌላ ቃል ነው፤ እዚህ አገር የተወለዱ ልጆች አማርኛ ሲማሩ ሁለቱን እያምታቱ ያስቁናል።

ጉኽሉ ያልነው የአሦር ቃል ለእኛ ቅርብ የሆነ ታሪክ አለው። ሰናክሬም በ701 ከጋራው ዘመን በፊት በይሁዳ ላይ ሲዘምት ንጉሥ ሕዝቅያስ ግብር እንደ ገበረለት በመጽሐፈ ነገሥት ካልዕ ምዕራፍ 18 ተጽፏል፤ 300 መክሊት ብርና 30 መክሊት ወርቅ። ሰናክሬም ራሱ በሸክላ ላይ ያስቀረጸው ጽሑፍም ተገኝቷል። በወርቁ ይስማማል፣ ብሩን ግን 800 ያደርሰዋል። ከዚያም ዕንቁውን፣ በዝሆን ጥርስ የተለበጠውን አልጋ እየዘረዘረ ሲሄድ መካከል ላይ ጉኽሉን፣ ማለት ኩሉን ይቈጥራል። እንግዲህ ኩል ከወርቅ ጋር ተመዝኖ ከኢየሩሳሌም ወደ ነነዌ የሚላክ ዕቃ ነበር። ከዚህ ጽሑፍ ሦስት ቅጂዎች አንዱ በኢየሩሳሌም በእስራኤል ሙዚየም ይገኛል፤ ቤተሰቦች ልጆቻቸውን ይዘው ሄደው እንዲያዩት እንመክራለን።

አሁን ወደ መጻሕፍቱ እንለፍ። መጽሐፈ ሄኖክ ሙሉ ሆኖ የቆየው በግዕዝ ብቻ መሆኑን አንባቢ ያውቃል። በምዕራፍ 8 አዛዝኤል ለሰው ልጆች ያስተማረው ይዘረዘራል፤ ሰይፍና ጋሻ መሥራት፣ አምባር፣ ጌጥ፣ ከዚያም ዓይንን መኳልና ቅንድብን ማሳመር፣ የከበሩ ድንጋዮችና ቀለማት። የግዕዙ ተርጓሚ እዚህ ላይ የተጠቀመው የኵሕልን ግሥ ነው። የግሪኩ ቅጂ በፊቱ «ስቲቢ» የሚል የግብጽ ዘር ያለው ቃል አስቀምጦለት ነበር፤ እርሱ ግን የአገሩን ቃል መረጠ። የሚያስደንቀው ከዚህ ቀጥሎ ነው። በ1952 በቁምራን አራተኛው ዋሻ የሄኖክ መጽሐፍ ቁርጥራጮች በአራማይስጥ ተገኙ፤ ዮዜፍ ሚሊክ የተባሉት ሊቅም በ1976 አሳተሟቸው። በዚያ ብራና ላይ በዚሁ ስፍራ የተጻፈው «ኩሕላ» ነው። ቃሉ ከአራማይስጥ ወጥቶ በግሪክ ሌላ ልብስ ለብሶ፣ ግዕዝ ሲደርስ የቀድሞ ልብሱን መልሶ ለበሰ ማለት ነው። ግዕዙ የትርጉም ትርጉም ስለሆነ ለመጀመሪያው ቃል ምስክር አይሆንም ለሚሉ ተመራማሪዎች፣ ቢያንስ በዚህች አንዲት ቃል መልሱ ይኸው።

በዕብራይስጡ ታናክ ውስጥ ካሐል የሚለው ግሥ አንድ ጊዜ ብቻ ይገኛል፤ በሕዝቅኤል 23፥40። በሌላው ቦታ ሁሉ ዕብራይስጡ የሚለው «ፑክ» ነው። ኤልዛቤል ኢዩ ሲመጣ በመስኮት ከመታየቷ በፊት ዓይኗን ያሳመረችው በፑክ ነው (2 ነገሥት 9፥30)፤ ኤርምያስ 4፥30 ላይም እንዲሁ። የአማርኛው መጽሐፍ ሁሉንም «ተኳለ» በሚል አንድ ግሥ መለሰው፣ መልካምም አደረገ። የአራማይስጡ ታርጉም ደግሞ ስለ ኤልዛቤል ሲተረጕም «ጸዲዳ» የሚል ሌላ ስም ያመጣል። ለአንድ ነገር ሦስት ስም መሆኑ ነው።

አንድ ቦታ ላይ ግን ኩሉ ከእጃችን ጠፍቷል። ኢዮብ ከመከራው በኋላ ከወለዳቸው ሦስት ሴቶች ልጆች የሦስተኛይቱ ስም በዕብራይስጥ «ቄረን ሀፑክ» ነው (42፥14)። «ቄረን» ቀንድ ነው፤ ስሙም በቀጥታ የኩል ቀንድ፣ ማለት ኩል የሚቀመጥበት ቀንድ ማለት ነው። የግሪክ ተርጓሚዎች ይህን ለግሪክ አንባቢ ይጥማል ብለው በራሳቸው ተረት ውስጥ ባለችው በአማልቴያ ቀንድ፣ በበረከት ቀንድ ለወጡት። በብዙዎቻችን እጅ በነበረው የአማርኛ መጽሐፍ ቅዱስም የግሪኩ ድምፅ እንዳለ ገብቶ «አማልቶያስ ቂራስ» ተብሎ ይነበባል። እኛም በልጅነታችን ይህን ስም ስናነበንብ ትርጉሙ ምን እንደሆነ የሚነግረን አልነበረም። ኩልን በቀንድ አስቀምጣ የምታውቅ እናት ስሙን በዕብራይስጥ ብትሰማው ኖሮ ማንም ሳያስረዳት ይገባት ነበር።

አንዳንድ ሰባክያን ኩልን ከኤልዛቤልና ከአዛዝኤል ጋር ብቻ አያይዘው የነውር ምልክት ያደርጉታል። ይህ በእኛ አስተያየት ግማሽ ንባብ ነው። ለኢዮብ ልጅ የተሰጠው ስም የካሳና የበረከት ስም ነው። ነቢዩ ኢሳይያስም በምዕራፍ 54፥11 እግዚአብሔር የተቸገረችውን ኢየሩሳሌምን ሲያጽናና ድንጋዮቿን በፑክ እንደሚያነጥፍላት ይናገራል፤ ጥቁር ኩል የዓይንን ዳር እንደሚያጎላ፣ በድንጋይና በድንጋይ መካከል ያለው ጥቁር መስመር የከተማይቱን ግንብ ያጎላዋል ማለት ነው ብለን እንረዳለን። ይህ ንባብ እዚህ አገር በምኵራብ ከቲሻ ብአቭ በኋላ ካሉት የማጽናኛ ሰንበታት በሦስተኛው የሚነበብ ነው። በ1 ዜና መዋዕል 29፥2 ዳዊት ለቤተ መቅደሱ ካዘጋጃቸው ድንጋዮችም መካከል የፑክ ድንጋይ ተቈጥሯል።

አባቶቻችን በኢትዮጵያ ሚሽና አልነበራቸውም። ሆኖም ሚሽናን እዚህ ስናነብ ከቤታችን ዕቃ ጋር እንገናኛለን። በማሴኬት ሻባት ምዕራፍ 8፥3 በሰንበት ከቤት ወደ ውጭ ማውጣት የሚያስጠይቀው የኩል መጠን ተወስኗል፤ አንዲት ዓይን ለመኳል የሚበቃ ያህል ነው። ስለምን አንዲት ዓይን ብቻ? ሰው ሁለቱን ይኳል የለምን? ታልሙድ ይህን ጠይቆ፣ ጨዋ ሴቶች ፊታቸውን ተከናንበው አንዲቱን ዓይን ብቻ ስለሚገልጡ አንዲቱን ይኳላሉ ብሎ ይመልሳል። በምዕራፍ 10፥6 ደግሞ በሰንበት መኳል ራሱ ተከልክሏል፤ ክልከላው ከኦሪት ነው ወይስ ከሊቃውንት በሚለው ረቢ ኤሊዔዘርና ባልንጀሮቹ ተከራክረዋል።

ቃሉ ዛሬም በየቀኑ በጆሯችን ይገባል፣ አናስተውለውም እንጂ። የዘመኑ ዕብራይስጥ ሰማያዊውን ቀለም «ካሖል» ይለዋል፤ ይህ ከኩል የወጣ ነው። ጥቁሩ ኩል እንዴት ሰማያዊ ሆነ ለሚል፣ ዓረቦችም ጠቆር ያለውን ሰማያዊ «ኩሕሊ» ይሉታል፤ የኩል ድንጋይ ሲሰበር የሚያሳየውን ወደ ሰማያዊ የሚያደላ ብልጭታ ያየ ሰው ነገሩ አይከብደውም። ልጆች በትምህርት ቤት ቀለም የሚቀቡበት ብሩሽ «ሚክሖል» ይባላል፤ በሚሽና ዘመን ሚክሖል የኩል መኳያው ቀጭን ዘንግ ነበር። አንድ ነገር ያለ ሽፍንፍን ሲነገርም «ብሊ ካሐል ኡስራቅ» ይላሉ፤ ያለ ኩልና ያለ ቀለም ማለት ነው። አያት የልጅ ልጇን የቤት ሥራ ለመርዳት ዕብራይስጥ አልችልም ስትል፣ ካሖልንና ሚክሖልን ከእናቷ እንደተማረች ብትነግሯት ደስ ይላታል። አልኮልም የዚሁ ቤተሰብ ነው። ዓረቦች «አል ኩሕል» ያሉት የላመ ዱቄት ነበር፤ በአውሮፓ ጠቢባን እጅ ቃሉ ተጣርቶ የወጣ ነገር ሁሉ መጠሪያ ሆነ፣ በኋላም ለወይን መንፈስ ብቻ ቀረ። የሰንበት ወይን የሚያፈላ ሰው ይህን ሲሰማ መሳቁ አይቀርም።

እንግዲህ ወደ ድንጋዩ እንመለስ። የአንቲሞን ዋነኛ ማዕድን ስቲብናይት ይባላል፤ አንቲሞንና ድኝ የተዋሐዱበት ነው። ግራጫ ነው፣ ያብረቀርቃል፣ ክርክሩ እንደ መርፌ ረዘም ረዘም ያለ ነው፤ ከውሃ 4 ተኩል እጥፍ ገደማ ይከብዳል። ይህን የሚመስል ሌላ ድንጋይ አለ፤ ገሊና ይባላል፣ እርሳስና ድኝ ነው። ገሊናም ግራጫ ሆኖ ያብረቀርቃል፣ ለስላሳ ነው፣ ሲፈጭ ይጠቁራል። ነገር ግን ሲሰበር እንደ ጨው አራት ማዕዘን እየሆነ ይሰበራል፤ ክብደቱም ከውሃ 7 ተኩል እጥፍ ነው። በገበያ ለተቀመጠች ሴት ሁለቱም ኩል ናቸው፤ ሁለቱም ዓይን ያጠቁራሉና።

በግብጽ መቃብሮች ውስጥ የተገኘው ጥቁር ኩል ሲመረመር አብዛኛው ገሊና ሆኖ ተገኝቷል፤ አንቲሞን ያለበት እምብዛም ነው። ግብጻውያን ገሊናን በቀይ ባሕር ዳርቻ ከገበል ዘይት ይቈፍሩ ነበር። በቤኒ ሐሳን መቃብር ግድግዳ ላይ በ1890 ከጋራው ዘመን በፊት ገደማ የተሳለ ታዋቂ ሥዕልም አለ፤ ከከነዓን ወገን የመጡ 37 ሰዎች ጥቁሩን የዓይን ቀለም ይዘው ወደ ግብጽ ሲገቡ ያሳያል። ግብጻውያን ይህን ቀለም «መስደመት» ይሉት ነበር፤ ስቲቢም ስቲቢየምም ከዚያ የወጡ ናቸው። አስተውሉ፤ የአንቲሞን የላቲን ስም የተወለደው በአብዛኛው እርሳስ ለሆነ ዱቄት ከተሰጠ ስም ነው። የኬሚስትሪ ሊቃውንት ስሙን ለአንድ ንጥረ ነገር ብቻ የወሰኑት ከዚያ እጅግ ዘግይተው ነው። አንቲሞን በዛሬው ጋዜጣ የሚነሣው በሌላ ምክንያት ነው፤ ለባትሪ፣ ለጥይትና እሳት ለሚከላከል ዕቃ ስለሚፈለግ፣ ቻይና በ2024 ወደ ውጭ መላኩን በፈቃድ ስትወስን ብዙ መንግሥታት ተጨነቁ።

ስለዚህ አንዲት እናት «ኩል ተኳልን» ስትል፣ የተኳለችው አንቲሞን ይሁን እርሳስ ከቃሏ ሊታወቅ አይችልም። ተርጓሚው «አንቲሞን» ብሎ ሲጽፍ እርሷ ያላለችውን አስገብቷል። ተመራማሪው በእጁ ድንጋዩ ካለ ይመዝነው፣ ስብራቱንም ይመልከት፤ ከሌለ ቃሉን እንዳለ ይተወው።

የጤናውን ነገር ከዚህ እናገኘዋለን። «አንቲሞን» የሚለውን ያነበበች ወጣት እናት፣ ከእርሳስ ጋር የሚያገናኘው ነገር እንዳለ አይታያትም። በልዩ ልዩ አገሮች የሚሸጡ ኩሎች ተመርምረው በብዙዎቹ እርሳስ ተገኝቷል፤ በአንዳንዱ ከግማሽ የሚበልጠው እርሳስ ነው። ሕፃንን መኳል በብዙ ሕዝብ ዘንድ የቆየ ልማድ ነው፤ ዓይን ያጠራል፣ ከክፉ ዓይን ይጠብቃል ተብሎ። ሕፃን ግን ዓይኑን ያሻል፣ ጣቱንም ወደ አፉ ይወስዳል። እርሳስ በሕፃን ደም ውስጥ ሲገባ የአእምሮውን እድገት ይጎዳል፤ የዓለም የጤና ድርጅትም ጉዳት የማያመጣ የእርሳስ መጠን እንደማይታወቅ ይናገራል። አንቲሞንም ቢሆን ራሱ መርዝነት አለው። «ልኳል ብላ ዓይኗን አጠፋች» የሚለውን የአገራችንን ተረት ሁላችንም እናውቀዋለን። ለሙሽራ ኩሉን ማን እንደኳላት እየጠየቁ መዝፈኑ ይቀጥል፤ ከዘመድ ሻንጣ የመጣ፣ ምንነቱ ያልተመረመረ ኩል ግን በልጅ ዓይን አይግባ። የገባበት ልጅ ካለ ለሐኪም ይነገር፤ የእርሳሱን መጠን በደም ምርመራ ማወቅ ይቻላል።

በዚህ መጽሔት በአማርኛው ገጽ «ኩል»፣ በዕብራይስጡ ገጽ «ካሐል» ብለን እንጽፋለን። «አንቲሞን» የምንለው ድንጋዩ ተመርምሮ አንቲሞን መሆኑ የታወቀ እንደሆነ ብቻ ነው። የኢዮብ ልጅ ስም በጽሑፎቻችን ሲነሣም «ቄረን ሀፑክ» ብለን፣ «የኩል ቀንድ» የሚለውን ከጎኑ እናስቀምጣለን።