ሩዝ ያበቀላት ከተማ

እርሻ ላይ ስለተሠራ ሰፈር ሲወራ ሁላችንም ወደ አዲስ አበባ ነው የምንሮጠው። አያት፣ ጀሞ፣ ኮዬ ፈጨ። ትናንት ጤፍና ስንዴ ይታጨድበት የነበረ ሜዳ ዛሬ ኮንዶሚኒየም ቆሞበታል፤ ከየአገሩ የመጣ ሰው በአንድ ደረጃ ይወጣል፣ ይወርዳል፤ ገበሬው የት እንደገባ ግን ጠያቂ የለውም። ይህ ታሪክ እውነት ነው፣ ግን ሁልጊዜ በአንድ መልክ ነው የሚነገረው፦ ትልቅ ከተማ መጣ፣ እርሻውን ዋጠ፣ አለቀ። እኔ ልነግራችሁ የፈለግኩት ከዚህ ትንሽ የተወሳሰበውን የወረታን ታሪክ ነው። ወረታ ከባሕር ዳር ወደ ጎንደር ሲኬድ 60 ኪሎ ሜትር ገደማ ላይ ያለች ከተማ ናት፣ የፎገራ መናገሻ። ፎገራን የዋጠ ትልቅ ከተማ የለም። እዚያ ከተማውን ያሰፋው እርሻው ራሱ ነው፤ አሁን ደግሞ ከተማው ዞሮ ያሰፋውን እርሻ እየበላ ነው።

መጀመሪያ ሜዳውን እንየው። ርብና ጉማራ ሁለቱም ከጉና ተራራ ተነሥተው ወደ ጣና ይወርዳሉ። ሐይቁ ጋ ሊደርሱ ሲሉ መሬቱ ይዘረጋባቸዋል። ቁልቁለት የለም፤ አፈሩ ዋልካ ነው፣ ውኃ ቶሎ አያሰርግም። ስለዚህ ክረምት ሲገባ ወንዞቹ ከተራራ ያመጡትን ደለል እያራገፉ ሜዳው ላይ ይተኛሉ። ነሐሴ ላይ ሐይቁ የት ጋ አልቆ መሬቱ የት ጋ እንደሚጀምር መለየት የሚያስቸግርበት ቦታ ብዙ ነው።

የድሮ ሰው ይህን ያውቅ ነበር። አፄ ሠርፀ ድንግል በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ጉዛራን ያሠሩት እንፍራዝ ላይ፣ ጣናን ቁልቁል ከሚያይ ከፍታ ነው። አሞሌ ጨው ሲገበያይበት የኖረው ስመ ጥሩው የይፋግ ገበያም የቆመው ከሜዳው በስተ ሰሜን፣ ጥጉ ላይ ነው። ቤተ መንግሥቱም ገበያውም ሜዳውን ከዳር ሆኖ ማየትን መረጠ። መሐሉ የከብትና የወባ ነበር። ወባ ደግሞ ቀልድ አልነበረም፤ በ1950 እና በ1951 ዓ.ም. በአገሪቱ የተነሣው ወረርሽኝ 3 ሚሊዮን ያህል ሰው አሳምሞ 150 ሺህ ያህሉን እንደገደለ ይገመታል። እንዲህ ባለ ዘመን ረግረግ አጠገብ ቤት የሚሠራ ሰው ወይ ሌላ መሬት ያጣ ነው፣ ወይ ሥራው ከውኃው ጋር የሆነ ነው። በጣና ዳርቻ በደንገል ታንኳ እየቀዘፉ፣ ዓሣ እያጠመዱና ጉማሬ እያደኑ የኖሩት ወይጦዎች ሁለተኛዎቹ ናቸው። የራሳቸው ቋንቋ ጠፍቶ ዛሬ አማርኛ ይናገራሉ። ስለዚያ ዳርቻ ታሪክ የሚጻፍ ከሆነ በእነሱ መጀመር ነበረበት፣ ግን ብዙውን ጊዜ በግርጌ ነው የሚጠቀሱት።

ከብቱስ? የፎገራ ከብት ራሱን የቻለ ዝርያ ነው። አብዛኛው ጥቁርና ነጭ ቡራቡሬ ነው፣ በወተቱ የተመሰገነ፣ ሌላው ከብት እግሩ የሚበሰብስበትን ጭቃና ውኃ የሚችል። ክረምት ወደ ከፍታው ይወጣል፤ በጋ ውኃው ሲሸሽ ተመልሶ በለምለሙ ላይ ይለቀቃል። የሚለቀቅበት መሬት የጋራ ግጦሽ ነበር። ይህችን ነገር ያዙልኝ፣ እመለስባታለሁ።

ወረታን ከተማ ለማድረግ መጀመሪያ የሠራው መንገድ ነው። በ1964 ዓ.ም. መጀመሪያ ላይ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቤጂንግ ሄደው ከማኦ ጋር ተገናኙ። ከጉብኝቱ የተገኘው 84 ሚሊዮን ዶላር ያህል ወለድ የሌለው ብድር ነበር፤ ከዚያ ላይ ነው የወረታ–ወልድያ መንገድ የወጣው። ንጉሡ ወርደው ደርግ ከመጣ በኋላ ቻይናውያኑ ሥራውን ቀጥለው ጨረሱት። 300 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፦ ደብረ ታቦር፣ ነፋስ መውጫ፣ ጋሸና፣ ወልድያ። ሰው እስከ ዛሬ «የቻይና መንገድ» ይለዋል። እንደ እኔ ኔትወርክ ሲያይ የሚውል ሰው ካርታውን አንድ ጊዜ ቢያየው ይገባዋል። ሁለት ትልልቅ መስመሮች የሚገናኙባት ነጥብ ራሷ ምንም ባታመርት እንኳ የጎንደሩም፣ የጎጃሙም፣ የወሎውም ጭነት በእሷ ላይ ያልፋል። የሚያልፍ ሰው ይርበዋል፣ ይመሽበታል፣ ጎማው ይፈነዳል። ሻይ ቤት፣ አልጋ ቤት፣ ጎሚስታ። የወረታ የመጀመሪያዎቹ ረድፎች እንዲህ መንገዱን ተከትለው የተሰለፉ ናቸው።

ግን መንገድ ብቻውን ከተማን ቀጭን አድርጎ ነው የሚያሳድገው። ወደ ጎን ያሰፋት ሩዝ ነው።

የዱር ሩዝ በፎገራ ረግረግ ውስጥ ሳይዘራ ሲበቅል የኖረ ነው። በደርግ ዘመን የሰሜን ኮሪያ ባለሙያዎች መጥተው በጅግናና በሻጋ የአምራቾች ኅብረት ሥራ ማኅበራት ማሳ ላይ የሚዘራውን ሩዝ አስጀመሩ። ዛሬም በሜዳው በስፋት የሚዘራው ዝርያ ስሙ «ኤክስ-ጅግና» ነው፣ የመጀመሪያውን ማሳ ስም ይዞ ቀርቷል። የሚገርመኝ ከዚያ በኋላ የሆነው ነው። በ1982 ዓ.ም. መንግሥቱ ኃይለ ማርያም ቅይጥ ኢኮኖሚ ሲያውጁ ገበሬው በየቦታው ከማኅበራቱ ወጥቶ በሬውንም መሬቱንም ተካፈለ። ማኅበሩ ፈረሰ፣ ኮሪያውያኑ ሄዱ። ዘሩ ግን ቀረ። ሩዝ በዘመቻና በሪፖርት ሲገፋ ያልሄደውን ያህል፣ ከማኅበሩ ሞት በኋላ ከጎረቤት ወደ ጎረቤት ሄደ። ቀዝቃዛው ጦርነት ሌላ ቦታ ሐውልትና የተቃጠለ ታንክ ትቶ ነው የሄደው፤ ፎገራ ላይ የተወው መንገድና ምሳ ነው።

አንድ የእናቴ ወገን አጎት አለኝ፣ ከከተማው ጫፍ ላይ የሚያርስ። «ጋሼ፣ ሩዝ ከመምጣቱ በፊት ይኼ ማሳ ምን ነበር?» ብዬ ጠየቅኳቸው።

«ውኃ ነበራ፣ ምን ይሆናል!» አሉኝ። «ክረምት ውኃ፣ በጋ የከብት እግር።»

ነገሩ ሁሉ እዚህች መልስ ውስጥ አለ። ጤፍ ውኃ ለረጅም ጊዜ ከተኛበት አይሆንለትም፤ ሩዝ ደግሞ የሚፈልገው እሱን ነው። ለዘመናት የሜዳው ጉድለት የተባለው ነገር በአንድ ትውልድ ውስጥ ሀብቱ ሆነ። ሩዙ ከታጨደ በኋላ ዋልካው በያዘው እርጥበት ጓያ ወይም ሽምብራ ይዘራል፤ ወንዝ ዳር ያለውና ሞተር ያለው ሰው ሽንኩርትና ቲማቲም ያወጣል። የዛሬ የፎገራ ሽንኩርት በየከተማው ገበያ ስሙ ይጠራል። አንድ መሬት በዓመት ሁለት ጊዜ መስጠት ጀመረ ማለት ነው።

እና የጋራው ግጦሽ? እሱ ነው ቀድሞ የሄደው። ውኃ የተኛበት መሬት ዋጋ ሲያወጣ ለከብት የሚተውለት ሰው አልተገኘም። በየጊዜው እየተሸነሸነ፣ አንዳንዱ ለሥራ አጥ ወጣት እየታደለ፣ አንዳንዱ በግፊያ እየታረሰ ወደ ሩዝ ማሳ ተለወጠ። የፎገራ ከብት ቁጥሩ አነሰ፤ ከሌላ ዝርያ ጋርም ተደባለቀ። ንጹሑን ዝርያ ለማቆየት እንደ አንዳሳ ያለ የእንስሳት ምርምር ማዕከል አስፈልጓል። ስለዚህ «ከተማው ሜዳውን በላው» ከማለታችን በፊት፣ ሩዙ ራሱ መጀመሪያ አንድ ሜዳ እንደበላ ማስታወስ ያስፈልጋል። እረኛ ቢጠየቅ ታሪኩን የሚጀምረው ከዚያ ነው።

ሩዝ እንደ ጤፍ በቤት ወፍጮ አይጨረስም፣ መፈልፈያ ይፈልጋል። መፈልፈያው መብራትና መንገድ ይፈልጋል። ሁለቱም ያሉት ወረታ ነው። ስለዚህ የሜዳው ምርት ሁሉ ወደ መስቀለኛዋ መጣ፤ መፈልፈያ ቤቶች ተደረደሩ፣ ከኋላቸው የቅርፊት ክምር ተራራ ሠራ። ደላላ፣ ጫኝ፣ ሾፌር፣ ኬሻ ሻጭ፣ ለጫኙ ምግብ የምታበስል ሴት ተከተሉ። ጤፍ ሲወደድ የሩዝ ዱቄት ተደባልቆ እንጀራ ሆነ፤ ጠላውም አረቄውም ሩዝ ገባበት። የፎገራ ብሔራዊ የሩዝ ምርምርና ሥልጠና ማዕከል እዚያው ተቋቋመ። የግብርና ኮሌጁ ከየአካባቢው ተማሪ ያመጣል፣ ተማሪ ደግሞ ክፍል ይከራያል። ከጥቂት ዓመታት በፊት ደረቅ ወደብ ተጨመረ፤ ባሕር አይታ የማታውቅ ከተማ ባለ ወደብ ሆነች።

ሰዉስ ማን ነው? በ1999 ዓ.ም. ቆጠራ ብታዩት «ቅይጥ ከተማ» የሚያሰኝ ነገር የለም፤ ከፎገራ ሕዝብ ከሞላ ጎደል ሁሉም አማራ ነው፣ አብዛኛውም ኦርቶዶክስ። ግን የቆጠራ ቅጽ ብዙ ነገር አይጠይቅም። ከላይ ጋይንት ለአጨዳ መጥቶ የቀረውና ከጎጃም በንግድ የመጣው በአነጋገር ይለያያሉ፤ የወሎው ሰው ቡና ሲያፈላ አቆራረቡ ሌላ ነው፤ ሙስሊሙ ነጋዴና ክርስቲያኑ ባለ መፈልፈያ ለዓመታት በዱቤ ይተማመናሉ። ሌላም መለኪያ አለ። ድሮ የዚህ ሜዳ ወንድ በአረምና በአጨዳ ወቅት ወደ መተማና ሁመራ ይሰደድ ነበር፣ ለሰሊጥ። በ1997 ዓ.ም. በሊቦ ከምከምና በፎገራ የካላዛር ወረርሽኝ ሲነሣ ተመራማሪዎች ከጠረጠሯቸው መንገዶች አንዱ ይኸው ነው፦ ቆላ ሠርቶ የተመለሰው ሠራተኛ። ዛሬ ግን ከደጋ ወደ ፎገራ የሚወርድ የቀን ሠራተኛም አለ። ሰው የሚሰደድበት አገር ሰው የሚሰደድለት ሲሆን ነው ከተማ መሆኑን የማውቀው።

አሁን ወደ መሬቱ። ጎግል ኧርዝ ላይ ጊዜውን ወደ ኋላ መሳብ ይቻላል። እኔ ወረታን እንዲህ ሳያት ስንት ማታ እንዳመሸሁ አልነግራችሁም። ትዕግሥት ካላችሁ ሁለት ዓይነት መስፋፋት ትለያላችሁ። አንዱ ጋ ቆርቆሮዎቹ በቀጥታ መስመር፣ በእኩል ስፋት ይሰለፋሉ፤ ማዘጋጃ ቤት ካሳ ከፍሎ፣ ቀያሽ አምጥቶ የሸነሸነው ነው። ሌላው ጋ ጣሪያዎቹ ጠማማ መስመር ይከተላሉ፤ ምስሉን አሥር ዓመት ወደ ኋላ ስትስቡት ያ ጠማማ መስመር የማሳ ድንበር ሆኖ ይወጣል። ይህኛውን ገበሬው ራሱ ቆርሶ በድብቅ የሸጠው ይመስለኛል። በሌሊት የሚቆመው፣ ጨረቃ ቤት የምንለው።

ገበሬ ሕግ እያለ ለምን በድብቅ ይሸጣል? ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 ላይ መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፣ አይሸጥም ይላል። ገበሬው ያለው የመጠቀም መብት ነው፤ ለከተማ ሲፈለግ ካሳ ይከፈለዋል። ካሳው በቀመር ነው። በአዋጅ ቁጥር 455/1997 መሠረት ያለፉት አምስት ዓመታት አማካይ ዓመታዊ ገቢ በ10 ይባዛ ነበር። በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 ተለወጠ፤ ምትክ መሬት ካልተገኘ፣ ካለፉት ሦስት ዓመታት ከፍተኛው ገቢ በ15 ይባዛል። በኮድ ብጽፋቸው እያንዳንዳቸው ሁለት መስመር አይሞሉም።

በምሳሌ እንየው፣ ቁጥሮቹን እኔ ነኝ የፈጠርኳቸው። አንድ ገበሬ በአምስት ዓመት 20፣ 20፣ 30፣ 40 እና 60 ሺህ ብር አገኘ እንበል፤ ሞተር ገዝቶ ሽንኩርት የጀመረ ሰው ገቢው እንዲህ ነው የሚወጣው። በድሮው ቀመር አማካዩ 34 ሺህ ነው፣ ካሳው 340 ሺህ። በአዲሱ ከፍተኛው 60 ሺህ ነው፣ ካሳው 900 ሺህ። አንድ መሬት፣ አንድ ገበሬ፤ ልዩነቱ ችካሉ የተተከለው ከ2011 በፊት ነው ወይስ በኋላ የሚለው ብቻ ነው። አዲሱ የተሻለ መሆኑ ግልጽ ነው። ሁለቱም ግን ወደ ኋላ ነው የሚያዩት። ያው መሬት በማግስቱ በሊዝ ጨረታ በካሬ ሜትር ሲወጣ የሚሰጠው ዋጋ፣ የመንገዱና የመስቀለኛው ዋጋ፣ በቀመሩ ውስጥ የለም። በድብቅ የሚሸጠው ገበሬ ያችን የጎደለችውን ቁጥር ነው የሚሸጠው።

(ከከተማዋ ስም በአንዲት ፊደል የምትለየው «ወሮታ» የሚባለው ቃላችን ለተደረገ ውለታ የሚከፈል ዋጋ ማለት ነው። የስሟ ምንጭ ነው አላልኩም።)

አጎቴ ማሳ አጠገብ ባለፈው ዓመት ችካል ተተክሏል። የእሳቸው ይነካ አይነካ ገና አልተነገራቸውም። ሩዛቸውን እንደ ልማዳቸው እስከ ችካሉ ድረስ ዘርተውታል። «አንተ በኮምፒውተር አይደል የምትሠራው፣ ስንት እንደሚደርሰኝ አስላልኝ» አሉኝ። የሦስት ዓመት ገቢያቸውን ጠየቅኳቸው። የሩዙን በኩንታል ያስታውሳሉ። የሽንኩርቱን አያስታውሱም፤ ማሳ ላይ ለመጣ ነጋዴ ነው የሸጡት፣ ደረሰኝ የለ፣ ጽሑፍ የለ። ገማች ሲመጣ በተግባር የሚይዘው የአካባቢውን አማካይ ምርትና የገበያ ዋጋ እንደሆነ ነገርኳቸው። ትንሽ ዝም አሉና ልጃቸውን ጠርተው ከትምህርት ቤት ደብተሯ መሐል ሁለት ወረቀት አስገነጠሏት። የዘንድሮውን ሽንኩርት፣ በየቀኑ የተጫነውን ኬሻና ዋጋውን፣ ከዚያ ቀን ጀምሮ እሷ ናት የምትጽፍላቸው።