ሁለቱንም ወገን የቀረጸ ካሜራ

ታኅሣሥ 28 ቀን 1991 ዓ.ም. በእኛ አገር የገና ዋዜማ ነበር። በዚያው ዕለት የሴራሊዮን አማፅያን ዋና ከተማቸውን ፍሪታውንን ወረሩ። ለዘመቻቸው የሰጡት ስም «ሕይወት ያለው ነገር አይትረፍ» የሚል ነበር። ከ1983 ዓ.ም. ጀምሮ ገጠሩን ሲያነድ የቆየው የእርስ በርስ ጦርነት እንዲህ ሆኖ ከተማው መሀል ገባ። የፍሪታውን ተወላጁ ጋዜጠኛ ሶሪየስ ሳሙራ ካሜራውን አንግቶ ጎዳና ላይ ወጣ።

የቀረጸው ለማየት የሚዘገንን ነው። ቤቶች ይነዳሉ፣ እጃቸው በገጀራ የተቆረጠ ሰዎች መጠጊያ ፍለጋ ይንከራተታሉ፣ አስከሬን መንገድ ዳር ተጥሏል። በዚያ ወር በሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች አለቁ።

ፊልሙን ከተራ የጦር ሜዳ ዘገባ የለየው ግን ሌላ ነገር ነው። ከተማዋን የሚከላከለው በናይጄሪያ የሚመራው የምዕራብ አፍሪካ ሰላም አስከባሪ ጦር፣ ኤኮሞግ ነበር። ነዋሪው የሚመካው በእሱ ነበር፤ ሳሙራም የቆየው እሱ በሚጠብቀው ከተማ ነበር። ሆኖም ካሜራውን ወደ ሌላ አላዞረም። በአንዱ ትዕይንት ልብሱን የተገፈፈ ትንሽ ልጅ «የአማፅያን ሰው ነህ» ተብሎ በወታደሮች ሲገረፍ ይታያል። በሌላው ደግሞ ተጠርጣሪዎች ያለ ፍርድ ይረሸናሉ። ጥፋተኛው አንድ ወገን ብቻ እንዳልሆነ በምስል ማስረጃ ቀረበ።

ምስሎቹ እጅግ ዘግናኝ ናቸው በሚል የቴሌቪዥን ጣቢያዎች በመጀመሪያ አንቀበልም አሉ። ሳሙራ ግን ተስፋ አልቆረጠም። «ክራይ ፍሪታውን» የተባለው ዘጋቢ ፊልም በ1992 ዓ.ም. በብሪታንያው ቻናል 4፣ ቀጥሎም በሲኤንኤን ተላለፈ። ሥራው የሮሪ ፔክን እና የመሐመድ አሚንን ሽልማቶች በአንድ ዓመት አስገኘለት።

የሁለተኛው ሽልማት ስም ለኢትዮጵያውያን እንግዳ አይደለም። በጥቅምት 1977 ዓ.ም. የኮረምን ረሃብተኞች ቀርጾ ዓለምን ያስደነገጠው ኬንያዊ የካሜራ ባለሙያ መሐመድ አሚን ነው። ሕይወቱ ያለፈውም በኅዳር 1989 ዓ.ም. ተጠልፎ ኮሞሮስ አጠገብ ባሕር ውስጥ በወደቀው የኢትዮጵያ አየር መንገድ አውሮፕላን ነበር።

ዝናው ግን ለሳሙራ ከለላ አልሆነውም። ነሐሴ 1992 ዓ.ም. ለቻናል 4 ሊሠራ ላይቤሪያ ሲገባ፣ የቻርልስ ቴይለር መንግሥት እሱንና ሦስት ባልደረቦቹን በስለላ ወንጅሎ አሰራቸው። ቡድኑ ከሳምንት በኋላ የተፈታው ኔልሰን ማንዴላን ጨምሮ ታላላቅ ሰዎች ከተማጸኑ በኋላ ነው።

ከዚያ በኋላ የሳሙራ አሠራር ተለወጠ። ቆሞ መቅረጹን ትቶ የሚዘግብለትን ሰው ኑሮ ራሱ ይኖር ጀመር። ከምዕራብ አፍሪካ ስደተኞች ጋር ሰሃራን አቋርጦ ወደ አውሮፓ አመራ። በዛምቢያ ሆስፒታል በረዳትነት ተቀጥሮ ኤድስ ያደቀቃቸውን ሕሙማን አስታመመ። ሙስናን ለመመርመር ደግሞ ናይሮቢ ውስጥ ኪቤራ የተባለው የድሆች ሰፈር ገብቶ ጎጆ ተከራየ።

ከእነዚህ ሥራዎች አንዱ የተሠራው እዚሁ ኢትዮጵያ ውስጥ ነው። በ1996 ዓ.ም. በታየው ዘጋቢ ፊልም ሳሙራ ራቅ ባለች የገጠር መንደር ለአንድ ወር ያህል ኖረ። ደንቡ አንድ ነው፤ መንደርተኛው የሚበላውን መብላት፣ ከዚያ ያለፈ አለመቅመስ። የአሚን ካሜራ ያሳየው በሺዎች የሚቆጠር ሕዝብ በአንድ ሜዳ ሲረግፍ ነበር። ሳሙራ የፈለገው ግን ረሃብ የሜዳ ትርኢት ከመሆኑ በፊት በአንድ ቤት ውስጥ ምን እንደሚመስል ነው፤ ሙሉ እህል ከማዕድ ሲጠፋ፣ ጉልበት ሲከዳ፣ ወላጅ ለየትኛው ልጅ ምን ያህል እንደሚሰጥ ሲያሰላ። ወሩ ሲሞላ እሱ ወደ ቤቱ ይመለሳል፤ ጎረቤቶቹ ግን እዚያው ይቀራሉ። በዘዴው ላይ የሚነሳው ጥያቄም ይኸው ነው፤ መውጫ በር ያለው ሰው ረሃብን ምን ያህል ሊያውቀው ይችላል?

ሳሙራ ደጋግሞ የሚያነሳው ቁም ነገር ግን ሌላ ነው፤ የአፍሪካን ጉድ የሚመረምሩት አፍሪካውያን ራሳቸው ይሁኑ የሚለው። በአልጀዚራ በተላለፈውና ለማዘጋጀት እጁ ባለበት «አፍሪካ ኢንቬስቲጌትስ» ተከታታይ ዝግጅት በየአገሩ ያሉ ጋዜጠኞች በገዛ ምድራቸውና በሌሎች የአፍሪካ አገሮች ምርመራ ሠሩ። ከእነሱ አንዱ ፊቱን በዶቃ መጋረጃ በመሸፈን የሚታወቀው ጋናዊ አናስ አረመያው አናስ ነበር። አናስ ራሱን ለውጦ ታንዛኒያ ውስጥ በአልቢኖዎች ላይ የሚፈጸመውን ግድያ ተከታተለ፤ የአካላቸውን ቁራጭ ለመድኃኒት የሚፈልጉ ጠንቋዮች ደጃፍም በድብቅ ካሜራ ደረሰ።